ከመርዶ የቀደመ ፎቶ፦ ስለ ጥቃት ዘገባ ለተጻፈ ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ ጥቃት ዘገባ የተጻፈ አንድ ረዘም ያለ ጽሑፍ በእኛ ሰፈር ከስልክ ስልክ ሲዞር ከረመ። ብዙ ሰው «ልክ ብለዋል» እያለ ነው የሚያስተላልፈው። ጸሐፊው የሚሉት ባጭሩ ይኼ ነው። የሀገራችን ሚዲያ ሰው ሲገደል እውነቱን ይሸፋፍናል። ስለዚህ ዜናው ሳይጣራም ቢሆን ፈጥኖ ይውጣ። የገዳዩ ብሔርና ሃይማኖት ርዕስ ላይ ይጻፍ። የሟቾች ፎቶ ሳይሸፈን ይታይ። ገዳዩ ማን እንደሆነና ምን እንደሚያስብ በሰፊው ይነገር። የሟቾች ቁጥር ሲለያይ ትልቁ ይወሰድ። «ማንነታቸው ያልታወቁ ታጣቂዎች» የሚባለው ነገርም ይቅር።

ጽሑፉ በንዴት የተጻፈ ነው። ንዴቱ የእኔም ነው። ሰው እንደ ቅጠል ሲረግፍ ዜናው በአንድ መስመር ታልፎ ወደ ኳስ ሲኬድ ስንቴ አየን። ግን ጸሐፊው ካቀረቧቸው ስድስት ነጥቦች አምስቱን አልቀበልም። ስድስተኛው ላይ ልክ ናቸው፤ እሱንም በቦታው እናገራለሁ።

እኔ የምኖረው ከከተማው ጫፍ፣ ቱሉ ዲምቱ ነው። ኮንዶሚኒየሙ ውስጥ ከመርካቶና ከፒያሳ በዕጣ የመጣ አለ። ከጎንደር፣ ከወላይታ፣ ከአርሲ፣ ከመቀሌ መጥቶ የተከራየ አለ። ቀድሞ እዚሁ መሬት ላይ ጤፍና ስንዴ ያረሰ የአካባቢው ሰውም አለ። ሁላችንም በአንድ ደረጃ ነው የምንወጣው የምንወርደው። ውሃ መጣች ሲባል ጄሪካን ይዘን የምንሮጠው እኩል ነው። ጸሐፊው ሲጽፉ የሚያስቡት አንባቢ ባለሥልጣኑና ፖለቲካ የሚከታተለው ሰው ይመስለኛል። እኔ የማስበው ዜናውን ካነበበ በኋላ እዚያው ሰፈር የሚያድረውን ሰው ነው። የልዩነታችን መነሻ እዚህ ላይ ነው።

«ፈጥኖ ይውጣ፤ ስህተት ካለ በኋላ ይታረማል»

አይታረምም። እርማት ዜናውን ደርሶበት አያውቅም።

አንድ ማታ እዚህ ሰፈራችን ግሮሰሪ በር ላይ ሁለት ልጆች ተጣሉ። አንደኛው ሌላውን በጩቤ ወጋው። እንዳጋጣሚ በዚያው ሰሞን የሚያስቸግረን ትራንስፎርመር ፈነዳና መብራት ጠፋ። ጨለማ ነው፤ ጩኸት አለ፤ ፍንዳታ ተሰምቷል። ብዙም ሳይቆይ አንድ ብዙ ተከታይ ያለው የቴሌግራም ቻናል «ቱሉ ዲምቱ ላይ የብሔር ግጭት ተቀሰቀሰ፤ ከባድ ተኩስ እየተሰማ ነው» ብሎ ለቀቀ። ከዚያ በኋላ ስልክ አላረፈም። ከክፍለ ሀገር እናት ትደውላለች፣ ከዱባይ እህት ትደውላለች። የጊቢው ጥበቃዎች በሩን ቆልፈው ዱላ ይዘው ቆሙ። እኔ ራሴ በኮሪደሩ ሳልፍ የጎረቤት በር ሲቀረቀር ሰማሁ። ለዓመታት ተከፍቶ የኖረ በር ነው።

ሲነጋ ታክሲ አልገባም አለ። ሱቆች ዘግተው ዋሉ። ልጅ ትምህርት ቤት የላከ ሰው ጥቂት ነው። ኋላ ነገሩ ሲታወቅ ሁለቱ ልጆች የአንድ ሰፈር ልጆች፣ አብረው ቀን ሥራ የሚውሉ፣ በብድር ገንዘብ የተጣሉ ናቸው። የተወጋው ልጅ ተርፏል። ቻናሉ ጽሑፉን ዝም ብሎ አጠፋው። «ተሳስተናል» የሚል አንድ መስመር አልጻፈም። ቢጽፍም ያን ሌሊት በሩን የቀረቀረው ሰው ያነበው ነበር ወይ? እኔ አይመስለኝም። ወሬው ብሎኩን ሁሉ አዳርሷል፤ እርማቱን ፈልጎ የሚያነብ ግን የለም።

ይኼ የእኛ ሰፈር ወሬ ብቻ ቢሆን ባላስቸገርኩ። በ1996 እ.ኤ.አ. አትላንታ ላይ ኦሊምፒክ ሲካሄድ መናፈሻ ውስጥ ቦምብ ፈነዳ። ሪቻርድ ጁዌል የሚባል የጥበቃ ሠራተኛ ቦምቡ ያለበትን ቦርሳ ቀድሞ አይቶ ሰው እንዲርቅ አድርጎ ነበር። ብዙ ሰው በእሱ ንቃት ተርፏል። በቀናት ውስጥ ግን ፖሊስ እየመረመረው መሆኑን ጋዜጦች ቀድመው አወጡ። ካሜራ ቤቱን ከበበ። ጀግና የተባለው ሰው በሀገሩ ሁሉ ፊት ቦምብ አጥማጅ ሆነ። ለ88 ቀናት ተጠርጣሪ ሆኖ ቆየና ንጹሕ ነው ተባለ። እውነተኛው ወንጀለኛ የተያዘው ከዓመታት በኋላ ነው። በአንዲት ደቂቃ ለመቅደም የሮጡት ጋዜጦች የሰውየውን ስም መመለስ አልቻሉም። በእኛም ሀገር ፍርድ ቤት ሳይወስን ተጠርጣሪን በቴሌቪዥን ዶክመንተሪ ወንጀለኛ አድርጎ ማቅረብ ለዓመታት የኖረ ልማድ ነው። ጸሐፊው ይህን ልማድ በጽሑፋቸው ነቅፈውታል፤ ደግ አደረጉ። ነገር ግን «ሳይጣራ ይውጣ» ካልን ዶክመንተሪውን የሚሠሩትን በምን አፋችን እንወቅሳቸዋለን?

«የገዳዩ ብሔርና ሃይማኖት በርዕሱ ይነገር»

እዚህ ላይ ጸሐፊው ሁለት ነገር ቀላቅለዋል። መለየት አለበት።

ሰዎች በማንነታቸው ተመርጠው ከተገደሉ ይነገር። መታወቂያቸው ታይቶ፣ ቋንቋቸው ተሰምቶ፣ እምነታቸው ተጠይቆ ከሆነ የተገደሉት ያንን መደበቅ ሟቾቹን እንደገና መበደል ነው። «ግጭት ነበር» ብሎ ማለፍም ውሸት ነው። አንዱ ወገን ባዶ እጁን ቤቱ ተቀምጦ ሳለ የተገደለ ከሆነ ግጭት የለም፤ ጥቃት ነው ያለው። እስከዚህ ድረስ ከጸሐፊው ጋር ነኝ።

የገዳዩን ብሔር ርዕስ ማድረግ ግን ሌላ ነው። የገደለው ታጣቂ ቡድን ስም ካለው ስሙ ይጠራ። አዛዡ ከታወቀ ይነገር። ቡድኑ ኃላፊነት ከወሰደ የወሰደበት ቃል ይጠቀስ። ተጠርጣሪዎች ከተያዙ በምን ተጠርጥረው እንደተያዙ ይነገር። ይኼ ሁሉ ተነግሮ ሲያበቃ «የእገሌ ብሔር ተወላጅ» የሚለው ሐረግ ለአንባቢው የሚጨምርለት መረጃ ምንድን ነው? የሚጨምረው ነገር የሚታየው እኛ ጋ ነው። እኔ ካለሁበት ሦስተኛ ፎቅ ላይ የዚያ ብሔር ሰው አለ። መምህር ነው። የገዳዮቹን ስም እንኳ ሰምቶ አያውቅም። ዜናው በወጣ ማግስት ግን ደረጃው ላይ ስንገናኝ እሱ ነው ቀድሞ አንገቱን የሚደፋው። ምንም ሳይሠራ አፍሮ የሚያልፍ ጎረቤት ማየት እንዴት እንደሚከብድ ጸሐፊው ቢያዩት እወድ ነበር። ሌላውም ጎረቤት ሰላምታውን ያሳጥራል። ቡና ሲፈላ የሚጠራው ሰው ይቀንሳል። ይኼ የሚሆነው ማንም ማንንም ሳይነካ ነው። ከዚያ በላይ ሲሄድ ምን እንደሚሆን ደግሞ ሀገሪቱ በደንብ ታውቃለች።

በግምት የሚነገር ማንነት ሲሆን ነገሩ ይብሳል። በ1995 እ.ኤ.አ. ኦክላሆማ ሲቲ ላይ የመንግሥት ሕንፃ በቦምብ ፈርሶ 168 ሰዎች ሲሞቱ ወዲያው ጣት የተቀሰረው መካከለኛው ምሥራቅ ላይ ነበር። ያፈነዳው ግን የራሱ የአሜሪካ ጦር የቀድሞ ወታደር ነው። በ2011 እ.ኤ.አ. ኖርዌይ ውስጥ 77 ሰዎች በአንድ ቀን ሲገደሉም በመጀመሪያዎቹ ሰዓታት ብዙ ሚዲያ የእስላማዊ አክራሪዎች እጅ አለበት የሚል ግምት ሲያወጣ ነበር። ገዳዩ እዚያው ተወልዶ ያደገ የቀኝ አክራሪ ሆኖ ተገኘ። በነዚያ ሰዓታት መንገድ ላይ የነበረችውን ሂጃብ የለበሰች ሴት አስቧት። እርማቱ ለእሷ ምን ይሠራላታል?

ከራሳችንም ልጥቀስ። በጥቅምት 2014 የባህር ዳር ዩኒቨርሲቲ የኬሚስትሪ ፕሮፌሰር የነበሩ ሰው ቤታቸው በር ላይ ተገደሉ። ከመገደላቸው በፊት ፌስቡክ ላይ ፎቷቸው ተለጥፎ፣ በትውልዳቸው ተፈርጀው፣ ያልሠሩት ሥራ ተለጥፎባቸው ነበር። ልጃቸው የፌስቡክን ባለቤት ሜታን ኬንያ ፍርድ ቤት ከሷል። ያን ጽሑፍ የለጠፉት ሰዎችም «እውነቱን እየተናገርን ነው» ብለው ያምኑ እንደነበር አልጠራጠርም። ጥላቻ ያሰራጭ የነበረው የሩዋንዳው ራዲዮ ሚል ኮሊን ጋዜጠኞችም ተመሳሳይ ነገር ይሉ ነበር። በ1994 እ.ኤ.አ. ከተፈጸመው የዘር ጭፍጨፋ በኋላ አሩሻ የተቀመጠው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት በ2003 እ.ኤ.አ. የሬዲዮና የጋዜጣ ሰዎች ላይ የዘር ማጥፋት ፍርድ የሰጠው ለዚህ ነው። ጸሐፊውን ከእነሱ ጋር አንድ አላደርግም፤ ነውር ይሆናል። ግን የመንገዱን መጀመሪያ ማወቅ ይጠቅመናል፤ መጀመሪያው ገዳይን በስሙ ሳይሆን በዘሩ መጥራት ነው።

«የሟቾች ፎቶ ሳይሸፈን ይታይ፤ ሰው ካላየ አያምንም»

ስለዚህ ነጥብ ብዙ የምለው አለኝ።

አንዲት ጎረቤት አለችኝ። ከብሎካችን ሥር ጉሊት ትቸረችራለች፤ ሽንኩርት፣ ቃሪያ፣ ድንች። ወንድሟ መንገድ ላይ በተፈጸመ ጥቃት ከተገደሉት አንዱ ነው። የሰማችው እንዲህ ነው። የጎረቤት ልጅ፣ ገና ለአቅመ ሔዋን ያልደረሰች፣ ስልኳን ይዛ መጣችና «ይኼ ሰውዬ እናንተ ቤት የሚመጣው አይደል?» አለቻት። ልጅቷ ክፉ አስባ አይደለም። ፎቶው ላይ ሰዎች መሬት ላይ ተዘርግተዋል። ጎረቤቴ የለየችው ፊቱን አይደለም። ለፋሲካ የገዛችለትን አረንጓዴ ሹራብ ነው። እኔ የደረስኩት ጩኸቱን ሰምቼ ነው። ቃሪያው መንገዱ ላይ ተበትኖ እሷ መሬት ላይ ነበረች። የያዛት ሰው አልነበረም። ልጅቷ ስልኳን እንደያዘች ቆማ ትንቀጠቀጣለች።

እኛ ሐበሾች መርዶ የምንነግርበት ወግ አለን። ዝም ብሎ አልተፈጠረም። መርዶው የደረሰው ሰው ለብቻው ይዞት ያድራል። ዘመድና የእድር ሽማግሌ ይጠራራሉ። ሴትየዋ ደም ግፊት አለባት ወይ ተብሎ ይጠየቃል። ነፍሰ ጡር ከሆነች እስክትወልድ ይደበቅላታል። ከዚያ ሌሊት፣ ገና ጎህ ሳይቀድ፣ ሰብሰብ ብለው ይሄዳሉ። አንዱ ውሃ ይይዛል። ጠንከር ያለ ሰው ከጎኗ ይቆማል፤ እንዳትወድቅ፣ ራሷን እንዳትጎዳ። የምትወደው ሰው ቀስ አድርጎ ይነግራታል። ልትጮህ ስትል የሚይዛት እጅ አለ። ቀጥሎ ድንኳን ይተከላል፤ ሰፈሩ ይመጣል። ወጉ ሰውን ከሞት አያድንም። ቋሚውን ግን ያድናል።

ያ ፎቶ ይህን ሁሉ በአንዴ ነጠቃት። የወንድሟን መርዶ የእድሩ ጡሩምባ ሳይነፋ፣ አንድ ሰው ትከሻዋን ሳይዛት፣ ቃሪያ እየመዘነች ሳለች ነገሯት። ፎቶውን የለጠፈው ገጽ ጥሩ አስቦ ይሆናል። «ዓለም ይወቅ» ብሏል ከሥሩ። ዓለም አወቀ አላወቀ እንጃ። እሷ ግን እስከ ዛሬ ወንድሟን ስታስብ የሚመጣባት በሕይወት ሳለ የነበረው ፊቱ አይደለም።

በሚያዝያ 2007 አይ ኤስ ሊቢያ ውስጥ ወደ 30 የሚጠጉ ኢትዮጵያውያን ክርስቲያኖችን ገድሎ ቪዲዮ ሲለቅ እዚሁ አዲስ አበባ ጨርቆስ ሰፈር ያሉ ቤተሰቦች ልጆቻቸውን የለዩት ከዚያ ምስል ነው። ሀገሩ ለሦስት ቀን ሐዘን ተቀመጠ። ጸሐፊው ይህንን ክስተት ለራሳቸው ሐሳብ ማስረጃ አድርገው ጠቅሰውታል፤ «ቪዲዮው ባይኖር ማን ያምን ነበር?» ይላሉ። እኔ ደግሞ እጠይቃለሁ። ቪዲዮውን ማን ሠራው? ካሜራውን ያስተካከለው፣ ልብሱን ያለበሰው፣ ባሕር ዳርቻውን የመረጠው ገዳዩ ነው። ግድያው ግማሹ የእሱ ሥራ ነው፤ ሌላው ግማሽ ደግሞ ያንን ፊልም እኛ ጓዳ ማስገባት ነው። ይህን ሁለተኛውን ሥራ ብቻውን አይችለውም። የሚያሰራጭለት ሰው ይፈልጋል።

ጸሐፊው አንድ ጠንካራ መከራከሪያ አላቸው፤ ልዘለው አልፈልግም። በጥቅምት 1977 ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል ቡርክ ኮረም ላይ የቀረጹት ምስል ነው ዓለምን ስለ ረሃቡ ያነቃው። ትክክል ነው። ያ ምስል ባይታይ ከዚያ በላይ ሕዝብ ያልቅ ነበር። ግን ያ ካሜራ ፊቱን ያዞረው በዋናነት ወደ ሕያዋን ነው። እህል ቢመጣላቸው ወደሚተርፉ ሰዎች። ምስሉ የታየው ገና ሊደረግላቸው የሚችል ነገር ስለነበረ ነው። የተገደለን ሰው ሬሳ ስምና አድራሻው ሳይጣራ፣ ቤተሰቡ ሳይሰማ፣ ለሺህዎች ማሳየት ከዚያ ጋር አይገናኝም።

ማስረጃ ይጥፋ እያልኩ አይደለም። ፎቶ ያነሳ ሰው ያስቀምጠው። ቦታውን፣ ሰዓቱን ይመዝግብ። ለሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን ይስጥ፣ ለመርማሪ ይስጥ፣ ለታማኝ ጋዜጠኛ ይስጥ። ጋዜጠኛው ከፎቶው ይልቅ በፎቶው ያጣራውን ይጻፍ። ለቀረው አንባቢ ደግሞ ሟቹ በሕይወት ሳለ የተነሳውን፣ ቤተሰቡ የፈቀደውን ፎቶ ያውጣ። በጥር 2019 እ.ኤ.አ. ናይሮቢ ዱሲት ሆቴል ላይ ጥቃት ሲደርስ አንድ ትልቅ የአሜሪካ ጋዜጣ የሟቾችን ሬሳ አሳይቶ ኬንያውያን በአንድ ድምፅ ተቆጥተው ነበር። «በራሳችሁ ሀገር ሰው ሲገደል እንዲህ ታሳያላችሁ?» ነው ያሉት። ጥያቄው ለእኛም ይሆናል። የራሳችን እናት ብትሆን ኖሮ ያንን ፎቶ እንለጥፈው ነበር?

«ገዳዩ ማን እንደሆነ፣ ምን እንደሚያስብ በሰፊው ይነገር»

እዚህ ላይ አላስረዝምም። መጋቢት 6 ቀን 2011 ዓ.ም. ኒውዚላንድ፣ ክራይስትቸርች ከተማ ውስጥ አንድ ሰው ሁለት መስጊዶች ገብቶ 51 ሰው ገደለ። ግድያውን በፌስቡክ በቀጥታ አስተላልፏል፤ የራሱን ረጅም ጽሑፍም አስቀድሞ በትኗል። የወቅቱ ጠቅላይ ሚኒስትር ጃሲንዳ አርደርን ስሙን አልጠራም አሉ። የሀገሪቱ ትልልቅ ሚዲያዎችም በችሎቱ ወቅት የእሱን አስተሳሰብ ላለማራገብ ተስማሙ። ችሎቱን ግን ዘገቡት፤ ምንም አልደበቁም። ጽሑፉና ቪዲዮው በሌላ በኩል በተሰራጨባቸው ቦታዎች ከዚያ በኋላ የተነሱ ገዳዮች እሱን ጠቅሰው ነው የተነሱት። በ2022 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ቡፋሎ ውስጥ 10 ሰዎች የተገደሉበት ጥቃት አንዱ ነው። እሱም በቀጥታ ተላልፏል። ገዳይ የሚፈልገውን መድረክ ሲያገኝ ቀጣዩ ያያል። ምክንያቱን መመርመር ያስፈልጋል፤ ከማን ተማረ፣ መሣሪያውን ማን ሰጠው፣ ማን ዝም አለ። የእሱን ንግግር እንዳለ ማንበብ ግን ምርመራ አይባልም።

«ቁጥር ሲለያይ ትልቁ ይወሰድ»

አርቲስት ሃጫሉ ሁንዴሳ ሰኔ 22 ቀን 2012 ማታ የተገደለው ገላን ኮንዶሚኒየም አካባቢ ነው። ከእኛ ብዙ አይርቅም። ያንን ሌሊትና ቀጥሎ የመጡትን ቀናት እዚህ ጫፍ ላይ ያሳለፈ ሰው አይረሳውም። ኢንተርኔት ለሳምንታት ተዘጋ። ዘመድ ደኅና ይሁን አይሁን የሚታወቀው በስልክ ብቻ ነው፤ እሱም ሲሠራ። በቀጣዮቹ ቀናት ፖሊስ የሟቾችን ቁጥር 166 አለ፤ ትንሽ ቆይቶ 239 ደረሰ። የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን ከወራት በኋላ ባወጣው የምርመራ ሪፖርት ደግሞ 123 ሰዎች መገደላቸውን ገለጸ፤ ኮሚሽኑ ቡድን ልኮ የመረመራቸውን አካባቢዎች ነው የቆጠረው።

በጸሐፊው ሕግ ብንሄድ 239ን እንወስዳለን፤ ያም የመንግሥት ቁጥር ነው። «መንግሥት ሁሌም ይቀንሳል» የሚለው መነሻቸው እዚህ ላይ አይሠራም። አንባቢን የሚጠቅመው ትልቁም ትንሹም አይደለም። ማን ቆጠረ? የት የት ሄዶ ቆጠረ? እስከ መቼ ያለውን? ከሟቾቹ ስንቱ በቡድን ጥቃት፣ ስንቱ በጸጥታ ኃይል ጥይት ሞተ? ይኼ ሲጻፍ ቁጥሮቹ የሚለያዩበት ምክንያት ራሱ ዜና ይሆናል። ትልቁን ቁጥር ብቻ ይዞ መሮጥ ሌላም ጉዳት አለው። ኋላ አነስ ያለ ቁጥር በማስረጃ ሲወጣ «አያችሁ፣ ሁሉም ውሸት ነበር» የሚል ሰው ይነሳል። የተገደሉት ሰዎች እንዳልተገደሉ ይቆጠራል። አንድ ሰው ሲሞት አንድ ነው መባል ያለበት። አንድ ራሱ ብዙ ነው።

«ማንነታቸው ያልታወቁ ታጣቂዎች»

እዚህ ላይ ጸሐፊው ልክ ናቸው። በደንብም ጽፈውታል። በጠራራ ፀሐይ መጥተው፣ ዩኒፎርም ለብሰው፣ ለሰዓታት ቆይተው፣ ስማቸውን እየተናገሩ የገደሉ ሰዎች በዜና «ያልታወቁ» ሲሆኑ የተረፈው ሰው ምን ይሰማዋል? እሱ አውቋቸዋል። ነግሯል። ዜናው ግን እሱን አልሰማሁም አለው። ይኼ ጥንቃቄ ሳይሆን የተጎጂውን አፍ መዝጋት ነው።

ጋዜጠኛው ይህን የሚጽፈው ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ይህን ጸሐፊው ዘለውታል። አካባቢው መንገድ የለውም፣ ስልክ የለም። ቦታው ድረስ የሚልከው ሚዲያ የለም። ቢሄድ ከሁለቱም ወገን ያሰጋዋል። ጋዜጠኛ በሚታሰርበት ሀገር የቡድን ስም መጥራት ዋጋ ያስከፍላል። የጥላቻ ንግግርና የሐሰተኛ መረጃን ስርጭት የሚመለከተው አዋጅ 1185/2012 ደግሞ ሐሰተኛ መረጃ የሚለውን በሰፊው ስለሚያስቀምጥ አርታኢው ይፈራል። ፈርቶ ዝም ሲል ያ የቴሌግራም ቻናል ቦታውን ይይዛል። የእኛ ሰፈር ሰው ያን ሌሊት ወሬውን ያመነው ለምን ይመስላችኋል? ሬዲዮ ከፈተ፣ ምንም የለም። ቴሌቪዥን ላይ ዘፈን ነው። የሚናገር አንድ ቻናል ብቻ አገኘ፤ አመነው። ዝምታውም የሚጎዳው እኛን ነው። ለዚህ ነው ጸሐፊውን የማልጠላቸው።

ታዲያ «ያልታወቁ» ከሚለው ይልቅ ምን ይጻፍ? ያወቀው ሰው ያለው ይጻፍ፤ እሱ እንዳለው ሆኖ። «ሦስት የዓይን እማኞች ጥቃቱን የፈጸሙት የዚህ ቡድን ታጣቂዎች ናቸው ብለዋል። ሁለቱ ልብሳቸውንና ቋንቋቸውን ምክንያት አድርገዋል፤ አንዱ ከመካከላቸው የሚያውቀው ሰው እንዳለ ተናግሯል። ቡድኑ አልፈጸምኩም ብሏል። የአካባቢው አስተዳደር መልስ አልሰጠም።» ይኼ አራት ዐረፍተ ነገር ነው። ማንንም በዘሩ አልከሰሰም። ምንም አልደበቀም። የተረፈውም ሰው ሲያነበው ድምፁን ያገኘዋል። ስም የሚጠራ፣ ምንጭ የሚያሳይ፣ ያልተጣራውን ያልተጣራ ነው የሚል ዜና ጸሐፊው የሚፈልጉትን እውነት ይሰጣቸዋል። ሌሎቹ አምስት ነጥቦቻቸው ያን እውነት የሚያበላሹት ይመስለኛል።

በመጨረሻ ጸሐፊው «ሚዲያ ካልጮኸ መንግሥት አይሰማም» ይላሉ። አንድ ቀን መጮህ ብዙም አያሰማም። መንግሥት የሚሰማው ተመልሶ የሚጠይቅ ሰው ሲያይ ነው። ጥቃቱ የተፈጸመ ሰሞን ሁሉም ይጽፋል። ከሦስት ወር በኋላ ተያዙ የተባሉት ተጠርጣሪዎች ክስ ተመሠረተባቸው ወይስ በዋስ ወጡ? ችሎቱ ስንት ጊዜ ተቀጠረ? ምስክር ቀረበ? የተፈናቀለው ሰው ቤቱ ተመለሰ? የድረሱልን ጥሪ ቀድሞ የደረሰው ባለሥልጣን ተጠየቀ? ይህን የሚከታተል ሚዲያ በጣት የሚቆጠር ነው። ፍርድ ቤት ሄዶ ጀርባ ወንበር ላይ ተቀምጦ ቀጠሮ መዝግቦ መምጣት ላይክ አያስገኝም። የጎረቤቴ ወንድም መዝገብ የት እንደደረሰ የጠየቀ ጋዜጠኛ እስከ ዛሬ የለም። እሷም የት ሄዳ እንደምትጠይቅ አታውቅም።

ጸሐፊው በጽሑፋቸው ሦስት ጥቃቶችን በምሳሌነት አንስተዋል። የሬሳውን ብዛትና የገዳዩን ብሔር በዝርዝር ጽፈዋል። የአንዱንም የፍርድ ሂደት አልጠቀሱም። ብዙ አንባቢ አላቸው፤ ቢደውሉ ስልክ የሚያነሳላቸው ሰው ይኖራል። በሚቀጥለው ጽሑፋቸው ከሦስቱ የአንዱን መዝገብ ይዘው ቢመጡ ለሰፈሬ ሰው የማዳርሰው እኔ ነኝ።